ባሕር ዛፍ ይነቀል ያልሁ ዕለት

የባለቤቴ መርዶ ደብረ ታቦር በደረሰበት ዕለት እኔ የቀበሌ ስብሰባ ላይ ቆሜ ስለ ባሕር ዛፍ እናገር ነበር። "ምንጭ እያደረቀ ነው፤ ተነቅሎ ወይራና ኮሶ ይተከል፤ ተፈጥሮ ወደ ቀድሞ ክብሯ ትመለስ!" አልሁ። ሌላ ጊዜ ይህን ሳነሣ ሰው ይጮኽብኛል፤ ቤት የሚሠራው፣ ልጅ የሚያስተምረው በባሕር ዛፍ ነዋ። ያን ቀን ግን ዋናው ተቃዋሚዬ አያ ደሴ እንኳ አንገታቸውን ደፍተው፣ "እውነትሽን ነው መምህርት፤ እንዳልሽ ይሁን" አሉኝ። ሁሉም እጁን አወጣ። አንዲት ሴትማ እንባዋን ጠረገች። እኔ ሞኟ፣ ንግግሬ ልባቸውን የነካው መስሎኝ ስለ ወፎቹም ጨመርሁበት።

በማግስቱ ገና ጎሕ ሲቀድ አያ ደሴ ጎረቤቱን አስከትለው ደጄ ላይ ቆሙ።

"ለመንቀሉ እንዲህ ቸኮላችሁ?" ብዬ ሣቅሁ።

"ተቀመጪ፣ እታለም" አሉኝ።

ለካ ባለቤቴ ለሥራ ይፋግ እንደሄደ አርፎ፣ ወሬው ከስብሰባው በፊት ደርሷቸው ኖሯል። መርዶ በአደባባይ አይነገርምና እስኪነጋ ድረስ እያባበሉኝ ነበር።

ከአርባው በኋላ ጉዳዩ እንደገና ተነሣ። "አሁንስ በርትተሻል፤ ልከራከርሽ ነው!" አሉ አያ ደሴ። አላስፈለጋቸውም። ውሳኔው ይሻር ሲባል ቀድማ እጇን ያወጣችው ያቺው የተፈጥሮ ጠበቃ፣ እኔው ነኝ፤ ባለቤቴ ጋፋት ባለው መሬታችን ላይ በእጁ የተከለው ባሕር ዛፍ አለና። በእኔ እንደ ልባችሁ ሣቁ፤ እሱን ግን ነፍሱን ይማርልሽ በሉልኝ።