ካየሁማ እጮኻለሁ

ጋሼ ሣህሉ፣ ዛሬ በክብርዎ ግብዣ ላይ እንኳ አንድ ዓይንዎን ሳይጨፍኑ ያዳምጡኝ!

ጋሼ በካሜራ ባለሙያነት ተቀጥረው መጀመሪያ ፊልም ቢሮአችን የመጡ ቀን ትዝ ይላችኋል? ሌላው ሰው ደብዳቤውን ይሰጣል፣ እጅ ይነሣል። እሳቸው በሩ ላይ ቆመው፣ አንድ ዓይናቸውን ጨፍነው፣ ሥራ አስኪያጁን ትክ ብለው አዩና «ይቅርታ ጌታዬ፣ እስቲ ትንሽ ወደ መስኮቱ ጠጋ ይበሉ» አሏቸው። ሰውዬውም እኮ ወንበራቸውን ይዘው ተነሡ!

ፀሐይ ካልወጣች ሥራ የለም። ሰባታሚት መንደር ስንቀርጽ «ሂድ እንጂ አንተ!» እያሉ ደመናውን ሲቆጡ አንድ ገበሬ ሰምተው «ኧረ በእግዜር! እኛ ዝናብ እየለመንን እርስዎ ይመልሱብናል?» አሏቸው። ከዚያ ወዲህ ደመናውን በሹክሹክታ ነው የሚያባርሩት።

ከካሜራ ባለሙያነት ወደ ዳይሬክተርነት ሲያልፉ ካሜራውን ለእኔ አስረከቡ። አስረከቡ ስላችሁ በአፍ ነው! «ሰገነት፣ አንዴ ዞር በይልኝ» ብለው ዓይናቸውን ከለጠፉ መች ይነሣሉ! እናንተ ትስቁ ነበር፤ እኔ ግን ቤቴ ገብቼ አለቅስ ነበር። ሥራውን ጥዬ ልሄድም ቆርጬ ነበር።

የመጀመሪያ ፊልማቸውን ጣና ዳር ስንቀርጽ ወለተ ሩፋኤል፣ ተዋናይታችን፣ በታንኳ ስትሄድ ከአጠገቧ ሆኖ የሚቀርጻት ሰው ያስፈልጋል። ቀዛፊው «ከእኔ ሌላ ሁለት ሰው ብቻ!» አለ። ጋሼ አንድ እግራቸውን አስገብተዋል። ተስፋ ቆርጬ «ግድ የለም፣ እኔ ልቅር» አልሁ። ትክ ብለው አዩኝ። ከዚያ እግራቸውን አወጡ፤ ሱሪያቸው እስከ ጉልበት ርሷል።

«ግቢ። ካሜራው ያንቺ ነው» አሉኝ።

ሐይቁ ላይ ሆኜ ዘወር ስል ጀርባቸውን ሰጥተውን ቆመዋል። ስንመለስ ወለተ ሩፋኤል «ምነው ጋሼ፣ አስቀየምንዎት?» ብትላቸው፣ «ኧረ ልጄ! ካየሁማ እጮኻለሁ» አሏት። የቀረጽሁትንም ላሳይዎ ስል «ነገ ከሁሉም ጋር አየዋለሁ» ብለው ሱሪያቸውን መጭመቅ ጀመሩ።

ጋሼ፣ እኔ የካሜራ ባለሙያ የሆንሁት ያን ቀን ነው። ለእርስዎ ዞሮ መቆም ምን ያህል ከባድ እንደነበር ደግሞ እዚህ ያለነው ሁላችን እናውቃለን። ከልቤ አመሰግንዎታለሁ።

ሰኞ እኔም በዳይሬክተርነት የመጀመሪያ ፊልሜን እጀምራለሁ። ፈርቻለሁ፣ አልዋሽም። ጋሼም ቅድም በር ላይ ይዘውኝ «ብቅ ብል ትቆጫለሽ?» አሉኝ። መልሱን እዚህ እነግርዎታለሁ ብዬ ነበር።

በሉ ብርጭቋችንን እናንሣ! ዕድሜና ጤና ይስጥዎ፣ ቤትዎ በልጅ ልጅ ይሙላ። ሰኞ ይምጡልኝ፣ ጋሼ። ጀርባዎን ግን እንዳይሰጡን፤ እያዩ ይጩኹብን!