ሱፍራ ጠቅልለን የመረጥናት

በእኛ ጊዜ፣ ልጆቼ፣ እኔ ሪያድ ስገባ እናንተ ገና አልተወለዳችሁም፣ የሰው ቤት የገባች ሴት ድምፅ አላት ብሎ የሚያስብ አልነበረም፣ እኛም ራሳችን አናስብም ነበር፣ ወላሂ። ምርጫ የሚባለውን ያየሁት ፀጉሬ ከሸበተ በኋላ እዚሁ ሪያድ፣ ነሲም ሰፈር ነው፣ ታዲያ እንዴት ያለ ምርጫ መሰላችሁ! ሰይድ፣ አትሳቅ፣ አንተንም አልምርህም፣ ዝም ብለህ ሻይህን ጠጣ።

እና የኮሚዩኒቲያችን ምክር ቤት አለ አይደል፣ ደንብ የሚያወጣው፣ የነሲምና የሱለይ ሰፈር ወንበር አንዲት ብቻ ነበረች፣ ለሷ ሁለት ሰው ተወዳደረ። አንዱ አቶ ጌታሁን፣ የካርጎ ሱቅ ያለው፣ ከረባት የማይለየው፣ አንደበቱ ማር። ሁለተኛዋ አስካለ፣ የጎንደር ልጅ፣ እንደኔ የሰው ቤት ስትጠርግ ኖራ፣ ኋላ ሱለይ ለጋራዥ ሠራተኞች ምሳ የምታበስል። ጌታሁን ምን አለ? "በየወሩ ስብሰባ ያልመጣ ከአባልነት ይሰረዛል፣ ይህን ደንብ አወጣለሁ" አለ። ታዲያ እኛ፣ በር የሚቆለፍብን፣ በየወሩ በየት በኩል ነው የምንመጣው? ከተሰረዝሽ ደግሞ ብትታመሚ የሚጠይቅሽ የለም፣ ብትሞቺ አገርሽ የሚያደርስሽ የለም። እኔ አርጅቻለሁ፣ ፈራሁ፣ እውነቴን ነው የምላችሁ፣ ሬሳዬ ፈላጊ አጥቶ ሆስፒታል ሲቀር ታየኝ። አስካለ ግን "ስብሰባው በስልክም ይሁን፣ ማንም አይሰረዝም" አለች። ኸላስ! የኔ ሰው እሷ ሆነች።

ምልክት ምረጡ ተባሉ፣ እንዳገራችን ምርጫ። እሱ መኪና መረጠ፣ እሷ መጥረጊያ። አቤት የሳቀው ሳቅ! አዳራሹ መሀል ቆሞ፣ ከረባቱን እያስተካከለ፣ "የተከበራችሁ ወገኖቼ! ምክር ቤቱ የሚፈልገው ተናጋሪ ነው ወይስ ጠራጊ?" አለ። እዚያ የነበረች አንዷ ንግግሩን በስልኳ ቀድታ ላከችልን፣ በየኩሽናው ተሰማ። ከዚያ ወዲያማ ቆሻሻ ልንደፋ ስንወጣ ሰላምታችን "መጥረጊያ!" ሆነ፣ "መጥረጊያ፣ እህቴ!" እየተባባልን እንገባለን።

ይሄ የቤታችን ሾፌር፣ ይሄ ሰይድ ደግሞ፣ የጌታሁን ቀንደኛ ደጋፊ ነበር። መኪናውን እያጠበ "እማማ ዘሃራ፣ መጥረጊያ መኪናን ይቀድማል?" ይለኛል። "መኪናህን በምን ነው የምትጠርገው ታዲያ?" እለዋለሁ።

ታዲያ ምርጫው አርብ ሆነ፣ ሳጥኑም ከሰዓት የዐስር ሶላት አዛን ሲል ይዘጋል ተባለ። አያችሁት ጉዱን? አርብ ምሳ በነዚህ ሰዎች ቤት ምን እንደሆነ ታውቁታላችሁ፣ ከጁምዓ በኋላ ልጅ ይመጣል፣ የልጅ ልጅ ይመጣል፣ ምራት ይመጣል፣ ተበልቶ ተነስቶ ያ ሁሉ ሳህን እስኪታጠብ ዐስር አልፏል። በየቤቱ የሚሠሩት ልጆቻችን በስልክ አለቀሱ፣ "እማማ፣ ቀረን እኮ! ቀረን!" እያሉ። እኔ ኩሽና ቆሜ አሰብኩ፣ አሰብኩና ስልኬን አንስቼ፣ "ስሙኝ! አርብ ማንም የሸክላ ሳህን እንዳታወጣ! የፕላስቲክ ሱፍራ፣ ያን ተበልቶበት የሚጣለውን ምንጣፍ፣ መሬት አንጥፉ፣ የወረቀት ሳህን ደርድሩ፣ በልተው ሲነሱ ሱፍራውን ከነአጥንቱ ጠቅልላችሁ ወደ ቆሻሻ! ድስቱ ይዘፍዘፍ፣ የት ይሄዳል!" አልኳቸው።

አርብ ደረሰ። አሠሪዬ ማማ ኑራ ሱፍራውን አየችና፣ "ያ ዘሃራ! ሳህኖቼ የት ሄዱ? ሽርሽር ላይ ነን እንዴ?" አለች። መዋሸት አልወደድኩም። "ማማ፣ ዛሬ ምርጫ አለን፣ ሰው ልመርጥ ነው" አልኳት። "ማንን?" "እንደኔ ቤት ስትጠርግ የኖረች ሴት።" ስልኳን አነሳች። እና ምን ብትል ጥሩ ነው? "ሰይድ! ያላ፣ ትልቁን መኪና አውጣ! የጎረቤቶቹንም ሠራተኞች ጫን!" ብላ በየቤቱ ደወለች። ምሳው ተበልቶ ሲያበቃ የሚታጠብ ሳህን የለ፣ ሁሉም ሱፍራዋን ጠቅልላ በር ላይ ቆማለች፣ ተደራርበን ገባን፣ ሰይድ ጥርሱን ነክሶ ነዳ። አዎ፣ ነክሰሃል!

ስንደርስ ሰልፉ እስከ በሩ ነው፣ አዛኑ ሊል ነው። ጌታሁን በሩ ላይ ቆሟል። ሰይድን መሪው ላይ ሲያየው፣ የራሱ ሰው ነዋ፣ የራሱ መራጮች መሰልነው! ሮጦ የመኪናውን በር ከፈተ፣ እጄን ይዞ አወረደኝ፣ "መንገድ ስጡ! እናቶች ይቅደሙ! ግቡ እማማ፣ ግቡ!" እያለ ሰልፉን በክርኑ ከፍቶ አስገባን። "አላህ ያክብርህ ልጄ" አልኩት፣ ከልቤ ነው። ገባሁና መጥረጊያዋ ላይ አውራ ጣቴን ጫን አደረግሁ፣ የመጨረሻዋ ልጃችን ወረቀቷን ስትከት አዛኑ አለ።

ቆጠራው አንዴ መኪና ይቀድማል፣ አንዴ መጥረጊያ፣ እንደገና መኪና፣ ኋላ በሰባት ድምፅ አስካለ! እኛ መኪናዋ ውስጥ ከሰባት እንበልጥ ነበር እኮ! እልልታው ግድግዳውን አናወጠው፣ አስካለ አቅፋኝ አለቀሰች፣ እኔም አለቀስኩ፣ እንደዚያን ቀን ደስ ብሎኝ አያውቅም። ጌታሁን ጭንቅላቱን ይዞ "በገዛ እጄ አስገባኋቸው!" አለ፣ ግን እውነቱን ልናገር፣ መጥቶ እጇን ጨበጣት።

ቤት ተመልሼ የዘፈዘፍኩትን ድስት ላጥብ ኩሽና ብገባ፣ ታጥቦ ተደፍቷል። ማማ ኑራ ከሳሎን ሆና "አሸነፋችሁ?" ብቻ አለችኝ።

ምን አልሽ ልጄ? ደንቡ? ደንቡማ አስካለ እንዳለችው ወጣ፣ ማንም አይሰረዝም፣ ስብሰባውም በስልክ ነው። ይኸው ዛሬም አለ፣ ስልኬን አቀብዪኝ፣ ስም መጥራት ጀምረዋል። አቤት! ነሲም፣ ዘሃራ አለሁ! ሰይድ፣ ጠጋ በል እንጂ፣ መጥረጊያዋ ልትናገር ነው፣ ሃሃሃ!