ከበሩ ኋላ የቆመው ዱላ

አናጢ ነኝ፤ ብዙ በር ነቅያለሁ። ያን በር ከመንቀሌ በፊት ግን ምነው እጄን በሰበረው እላለሁ። ሞጣ ላይ ለመንገድ ማስፋፊያ የሚፈርስ አሮጌ ፎቅ ነበር። ባለቤቱ ሐጂ ዕድሜያቸውን ሙሉ እዚያው ኖረው፣ ምድር ቤቱ ውስጥ አቡጀዲ ሸጠዋል። ገበያተኛ ዱላውን ከበሩ ኋላ አስደግፎ ነበር የሚገባው። በሩን ልነቅል ስደርስ ቤቱ ባዶ ሆኖ አንድ ዱላ ብቻ ቀርቷል። ላነሳው ስል ሐጂ እጄን ያዙኝ።

«ተው ልጄ፣ የሰው አደራ ነው። አንድ የብቸና ገበሬ ‹መጣሁ› ብሎኝ እንደወጣ ቀረ።»

«መቼ ነው?»

«ባለቤቴ በሕይወት እያለች።»

ሚስታቸው የሞቱት እኔ ሳልወለድ ነው። «ሰውየውም እኮ ሞተው ይሆናል» አልኩ።

«ከሞተ ልጁ ይመጣል። ቤቴን ሰው የሚያውቀው በበሩ ነው፤ አንተ ስትነቅለው በምን ያገኘኛል?»

እንጀራዬ ነውና ነቀልኩት።

በሚቀጥለው የገበያ ቀን በዚያ ሳልፍ፣ ሐጂ በሩ በነበረበት ድንጋይ ላይ ተቀምጠዋል። ዱላውን ጭናቸው ላይ አጋድመው የሚመጣውን ገበሬ ሁሉ ፊት ፊቱን ያያሉ። በዕድሜዬ ሽማግሌ አይቼ ሰላም ሳልል ያለፍኩት ያን ቀን ብቻ ነው።