የአውቶቡስ ውስጥ ንስሐ

ስንት ዓመት መድረክ ላይ ስዘፍን መንገድ ላይ ዞር ብሎ ያየኝ ሰው አልነበረም። በቴሌቪዥን ድራማ የሟች ወንድሙን ልጅ ከቤቷ የሚያስወጣ አጎት ሆኜ ስጫወት ግን አገር አወቀኝ። ለዘመድ ሠርግ ከደብረ ብርሃን ወደ መሐል ሜዳ ስሄድ፣ አውቶቡስ ውስጥ አጠገቤ የተቀመጡ እናት ትኩር ብለው አዩኝና ነጠላቸውን ሰብስበው ብድግ አሉ። «ከዚህ ሰውዬ ጋር አልቀመጥም! የሙት ልጅ ቤት የነጠቀ!»

«እማማ፣ እሱ እኮ ድራማ ነው። እኔ ዘፋኝ ነኝ» አልኩና ለማስረጃ የምኮራበትን ዘፈኔን ለቀቅኩት። ሾፌሩ ሳይቀር በመስታወት አየኝ። እማማ እስከ አዝማቹ ታገሡኝና «ልጄ፣ ዘፈኑ ይቅርብህ። የልጅቷን ቤት ብቻ መልስላት» አሉኝ።

መንገዱ ኮረኮንች ነው፤ እሳቸው እንደ ቆሙ ናቸው። ይወድቁብኛል ብዬ ሰጋሁና «እመልሳለሁ፣ ማርያምን!» ብዬ ማልኩ። ተሳፋሪው በሳቅ ፈረሰ።

እማማ ግን አልሳቁም። ተመልሰው ተቀመጡና የነጠላቸውን ጫፍ ፈትተው የገብስ ቆሎ አፈሱልኝ። «ብላ፤ የተመለሰን ሰው እግዜር አይጥለውም።»

እኔም ባልሠራሁት ኃጢአት ንስሐ ገብቼ፣ መሐል ሜዳ እስክንደርስ አንገቴን ደፍቼ ቆሎዬን ቆረጠምኩ።