ኮንዲላርት መንጋ አይደለም

ክቡር ዲን፣ ክቡራትና ክቡራን የሥራ ባልደረቦቼ፣

«ጓዶች» ብዬ ልጀምር ወይስ «ክቡራትና ክቡራን» ብዬ፣ ሳምንቱን ሙሉ ስጨነቅ ሰነበትሁ። የካቲት ላይ ቅይጥ ኢኮኖሚ ከታወጀ ወዲህ የትኛው እንደሚያስመሰግንና የትኛው እንደሚያስወቅስ ግራ ገብቶኛል። ባለቤቴን ጽጌን ባማክራት፣ ጡረታ የወጣን ሰው ከምን ሥራ ያባርሩታል፣ ደስ ያለህን በል አለችኝ። ስለዚህ ደስ ያለኝን ልል ነው የቆምሁት። ደስ የማይለው ሰው ካለ ይታገሠኝ፤ ሁለተኛ አልናገርም።

አስቀድሜ ምስጋናዬን ላድርስ። ይህን ግብዣ ላሰናዳችሁ፣ በዚህ የሐምሌ ጭቃ ለጫማችሁ ሳትሳሱ ለመጣችሁ፣ ከሐሙሲት ድረስ በአውቶቡስ ተሳፍረው ለመጡት የቀድሞ ተማሪዎቼ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ስላለበሳችሁኝም ጋቢ አመሰግናለሁ። አሥራ ሰባት ዓመት አብሬአችሁ ስኖር ይበርደው ይሆን ብሎ የጠረጠረ አልነበረም እንጂ፣ ጥሩ ጋቢ ነው።

ተማሪዎች ያወጡልኝን ስም ሁላችሁም ታውቃላችሁ። ፊት ለፊት «ጋሼ ወልደ ዮሐንስ» ይሉኛል፤ ዞር ስል «ኮንዲላርት መጣ» ይባላል። አልተቀየምሁም። የጠፋ እንስሳ ስም ነው፤ ከዛሬ ጀምሮ ደግሞ በትክክል ይገባኛል። ግን ከእናንተ መካከል ስንታችሁ ናችሁ ትርጉሙን የምታውቁ? የታሪክ መምህራን አታውቁም። የስፖርት ክፍሎች እኔ የጉማሬ እግር አጥንት ከሐይቁ ዳር አምጥቼ ኮሪደሩን ያገማሁ ጊዜ አቤቱታ ከመጻፍ በቀር ስለ ሰኮና የምታውቁት ነገር የለም። የባዮሎጂ ክፍሎች ደግሞ ሁለት ትርጉም ነው የምታውቁት። ዛሬ ልናገር የመጣሁትም ስለ ሁለቱ ነው።

ቃሉ የተሠራው ከግሪክ ነው። አንደኛው ክፍል የጣት አንጓ፣ ሁለተኛው መጋጠሚያ ማለት ነው። እንስሳቱ ከስድሳ ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት፣ ፈረስም በሬም ገና ባልነበረበት ዘመን የኖሩ አጥቢዎች ናቸው። አንዳንዱ ድመት ያህላል፣ አንዳንዱ በግ። አምስት ጣት ኖሮት በየጣቱ ጫፍ ትንንሽ ሰኮና ያበቀለም ነበረ። ሊቃውንቱ አጥንታቸውን ሲያገኙ ከማን ወገን እንደሚመድቧቸው ቸገራቸው፤ በኋላ ለመጡት ባለሰኮናዎች ቀደምት ሳይሆኑ አይቀሩም ብለው በአንድ ስም ጠሯቸው። ከዚያ ወዲህ መቶ ዓመት ሙሉ፣ ቦታ የጠፋለት ጥንታዊ ባለሰኮና ሁሉ እዚያ ስም ውስጥ ሲጨመር ኖረ። እርስ በርሳቸው ይዛመዱ አይዛመዱ አጥብቆ የጠየቀ ጥቂት ነው። ስሙ አይጠቅምም አልልም፤ ይጠቅማል። ሰው ሲጠቀምበት ግን «ገና አላወቅንም» ማለቱ እንደሆነ ማስታወስ አለበት።

ይህን በአማርኛ እንዴት አድርጎ ማስረዳት ይቻላል?

በ1971 ዓ.ም. የሳይንስ ቃላትን በአማርኛ እንድንፈታ ዝርዝር ሲላክልን፣ የእንስሳቱ ክፍል ለእኔና ለአቶ አንዳርጋቸው ደረሰን። አቶ አንዳርጋቸውን ማስተዋወቅ አያስፈልገኝም፤ ዛሬ የትምህርት ክፍላችን ኃላፊ ነው፣ ይኸው ከዲኑ ጎን ተቀምጧል። ያን ጊዜ ግን ለእኔ አንዳርጌ ነበር። ቤታችን አጥር ለአጥር ነው። ጨው ሲያልቅብን ከእነርሱ፣ በርበሬ ሲያልቅባቸው ከእኛ ነበር የሚወሰደው።

ሥራችን እንዲህ ነበር። ሐሙስ ሐሙስ አንዳችን የቃሉን ትርጉምና አገባብ በካርድ ላይ እንጽፋለን፣ ሌላው ይከራከራል። በካርዱ ላይ የሚፈርመው የጻፈው ሳይሆን የተከራከረው ነው። ተከራካሪ ያልፈረመበት ካርድ አያልፍም። ይህን ደንብ ያወጣው ራሱ አንዳርጌ ነበር። ሰው የራሱን ስሕተት አያይም፣ የወዳጁን ግን ደስ ብሎት ያያል ይል ነበር።

ስለ ሰኮና የሆነ ቃል ሲያጋጥመን ደግሞ ገበያ ወርደን ቆዳ ነጋዴውን ሐጂ ሙሀመድአወልን እንጠይቃለን። አርባ ዓመት የከብት እግር ያዩ ሰው ናቸው። ኮንዲላርትን ይዘን የሄድን ዕለት ከነጣቱ ከነአንጓው አስረዳናቸው። ይታረዳል ወይ አሉን። ጠፍቷል አልናቸው። ቆዳው ለሌለ እንስሳ ይህን ያህል መጨነቅ ሥራ መፍታት ነው ብለው ሣቁብን። ቀጥለው ግን ከመጋዘኑ ማዕዘን የተከመረ ቆዳ አሳዩን።

«ይኸ ከቁንዝላ በጀልባ፣ ይኸ ከአንበሳሜ በአህያ መጥቷል። የማን መንጋ እንደሆነ የሚነግረኝ ሳጣ እዚህ ጥግ እጥለዋለሁ። ታዲያ ጥግ ጥግ ነው፤ መንጋ አይደለም» አሉ።

በዚያው ሐሙስ ካርዱን ጻፍሁ። አገባብ በሚለው መስመር ላይ «ኮንዲላርት የጥግ ስም ነው እንጂ የመንጋ ስም አይደለም» አልሁ። አንዳርጌ አንድ ሰዓት ሙሉ ተከራከረኝ። የሳይንስ መዝገበ ቃላት ውስጥ የቆዳ ነጋዴ ጥግ ምን ይሠራል አለ። በመጨረሻ ተረታና ፈረመ። እንደዚያ ካርድ የኮራሁበት ሥራ የለኝም።

እንደ ልማዳችን ሐይቁ ዳር ወርደን ለምሳ የቆሮሶ ዓሣ አዘዝን። ሁለታችን ብቻ ነበርን። አንዳርጌ የዓሣውን እሾህ እየለቀመ ሣቅ አለ።

«እኛስ የራሳችን ጥግ አለን አይደል? አድኃሪ የምንለው። ነጋዴው፣ ዲያቆኑ፣ ተማሪው፣ ከጎረቤቱ የተጣላው፣ ሁሉ እዚያ ይጣላል። ዝምድናቸውን ማን ጠየቀ?» አለ።

ሣቅሁ። ጥፋቴ ይኸው ነው፤ እስከ ዛሬ ብፈልግ ሌላ አላገኘሁም።

በአሥረኛው ቀን ወሰዱኝ። የመርማሪው የመጀመሪያ ጥያቄ ምን መሰላችሁ? ኮንዲላርት ማለት ምን ማለት ነው የሚል ነበር። እውነቴን ነው፣ ደስ አለኝ። በስንት ዘመኔ ከፈተና ውጭ ይህን የጠየቀኝ ሰው ተገኘ ብዬ ጣቶቼን እየዘረጋሁ ሩብ ሰዓት ያህል አስተማርሁት። በትዕግሥት ሰማኝ። ስጨርስ መሳቢያውን ስቦ አንድ ወረቀት አነበበልኝ። «እኛስ የራሳችን ጥግ አለን አይደል» ይላል። ነጋዴው አለ፣ ዲያቆኑ አለ፣ ከጎረቤቱ የተጣላውም አለ። አንድ ቃል አልጎደለም። ተናጋሪው ብቻ እኔ ሆኛለሁ።

ገበታው ላይ የነበርነው ሁለት ሰዎች ነን። እኔ አላልሁም። ከሁለት አንድ ሲቀነስ ስንት እንደሚቀር የሒሳብ መምህራን ትነግሩኛላችሁ።

ታዲያ ለምን እሱ ነው ያለው አላልህም ትሉኝ ይሆናል። የአንዳርጌ ባለቤት ባንቺአየሁ ከወለደች ገና ሦስት ሳምንቷ ነበር። አራሷን አሰብሁ። ደግሞም ፈርቶ ነው፣ ነገ መጥቶ ራሱ ያቃናዋል ብዬ አመንሁ። «ያልሁት እኔ ነኝ» ብዬ ፈረምሁ። ነገ ይመጣል እያልሁ ሰባት ወር ተቀመጥሁ። ያልጠረጠረ ተመነጠረ ማለት እንዲህ ነው።

የታሰርንበት ክፍል ውስጥ አንድ እህል ነጋዴ፣ አንድ ዲያቆን፣ ሁለት ተማሪዎች፣ በአጥር ነገር ከጎረቤቱ የተጣላ አንድ የወረታ ሰው ነበሩ። እርስ በርሳቸው ምንም አይዛመዱም። የአንዳርጌ ቀልድ ፍጹም ልክ እንደነበረ በመስክ ጥናት ያረጋገጥሁት እኔ ነኝ።

እስሩን ችዬዋለሁ። ያልቻልሁትን ልንገራችሁ። የአንዳርጌን ልጅ ክርስትና ልታነሣ ቃል የገባችው ጽጌ ነበረች፤ ልጅቷ ሳትወለድ የታሰረ ቃል ነው። እኔ ከታሰርሁ በኋላም ጽጌ ስንቅ እያመላለሰች ቀኑን ትቆጥር ነበር። ሰማንያኛው ቀን ሲደርስ ነጠላዋን አጥባ፣ ለልጅቷ ቀሚስና ማተብ ገዝታ በማለዳ ተዘጋጀች። ቁጭ ብላ ጠበቀች። ረፋዱ ላይ ከአጥሩ ወዲያ እልልታ ሰማች። ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ ነው። ሌላ የክርስትና እናት ተገኝታ ኖሯል። በቤታችን መካከል ያለው አንድ አጥር ነው፤ ተሻግሮ የነገራት ሰው ግን የለም። ቀሚሱ አሁንም ሣጥናችን ውስጥ አለ።

ስፈታ አንዳርጌ እዚህ ግቢ በር ላይ አቅፎ ሳመኝ። እንኳን እግዚአብሔር አስፈታህ አለኝ። ሌላ ነገር የሚጨምር መስሎኝ ቆሜ ዓይን ዓይኑን አየሁት። ክፍለ ጊዜህን ይዤልህ ቆይቻለሁ አለና የጠመኔ ካርቶን ሰጠኝ። እሱን ይዤ ወደ ክፍል ገባሁ። ምን አደርጋለሁ?

ከሰዓት በኋላ ካርዱን ፈልጌ አወጣሁት። ተለውጧል። «እርስ በርሳቸው የሚዛመዱ፣ የጠፉ ባለሰኮና አጥቢዎች መንጋ» ይላል፣ በአንዳርጌ እጅ ጽሕፈት። የተከራካሪው ቦታ ባዶ ነው፤ ተከራካሪው የት እንደነበር ታውቃላችሁ። ደንቡን ያወጣው ሰው ደንቡን ጥሶ አሳለፈው። ከዚያ ወዲህ አሥራ አንድ ዓመት በአንድ ኮሪደር ላይ እሱ መንጋ፣ እኔ ጥግ እያልን አስተማርን። ተማሪዎች ጨንቋቸው የትኛውን እንጻፍ ሲሉኝ፣ በእሱ ፈተና መንጋ፣ በእኔ ፈተና ጥግ በሉ እላቸው ነበር። ከሐሙሲት የመጣችሁ ልጆቼ፣ ለዚህ ይቅርታ አድርጉልኝ። ደፍሬ መናገር ነበረብኝ። ትክክለኛው ጥግ ነው፤ እናንተ ለምታስተምሯቸው እንዲያ ብላችሁ አስተምሩ።

ባለፈው ቅዳሜ አንዳርጋቸው ከተፈታሁ ወዲህ ረግጦት የማያውቀውን ቤቴን ረገጠ። ጽጌ ወንበር ሰጠችው። በስንብትህ ላይ ስለ አንተ እንድናገር ታዝዣለሁና ምን ብል ደስ ይልሃል አለኝ። የዚያን ሐሙስ ምሳ ተናገር አልሁት።

«ወልዴ፣ ያ እኮ ያለፈ ነገር ነው። አሁን ማን ያስታውሰዋል?» አለ።

ጽጌ ከጎኔ ሆና መለሰችለት። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም አለችው። ተነሥቶ ሄደ።

አንዳርጌ፣ ቀና በል፤ አንተን ነው የማነጋግር። ፈርተህ ነበር። ያን ዘመን ያልፈራ ማን አለ? ጠርተው አስጨንቀውህ ይሆናል፤ አላውቅም፣ ነግረኸኝ አታውቅም። ግን አጥሩን ተሻግረህ «ወልዴ፣ ጨንቆኛል፣ ይህን ነገር ውሰድልኝ» ብትለኝ ኖሮ ወድጄ እወስድልህ ነበር። ታውቀኛለህ። ደግሞስ ወስጄልህ የለም ወይ? ለምነኸኝ የምሸከምልህን ሳትጠይቀኝ ጫንህብኝ፤ ከዚያ በጠመኔ ሸኘኸኝ። የሚያንገበግበኝ ይኸ ነው። ከድተኸኛል። ይህችን ቃል አሥራ አንድ ዓመት በአፌ ይዣት ኖሬአለሁ፤ ዛሬ ተናገርኋት።

ክቡራትና ክቡራን፣ ግብዣችሁን አበላሸሁባችሁ። እኔና ጽጌ በሚመጣው ማክሰኞ ጓዛችንን ጠቅልለን ወደ አገሬ ወደ አንበሳሜ እንገባለን፤ ከዛሬ ሌላ ቀን አልነበረኝም። ወጡ ሳይቀዘቅዝ ልመርቃችሁና ልውረድ።

ወጣት መምህራን፣ ያላወቃችሁትን አላወቅሁም የምትሉበት አንደበት ይስጣችሁ። ቤታችሁ ይሙላ፣ ደመወዛችሁ ይበርክት፣ ዓሣው ከጣና አይጥፋባችሁ። ልጆቻችሁ ለዘመቱባችሁ፣ በደህና መጥተው በደጃችሁ ሲገቡ ለማየት ያብቃችሁ። የተጨነቀችውን አገራችንን ሰላም ያውርድላት። ክፉ ቀን ሲመጣ ከጎናችሁ የማይሸሽ ሰው አያሳጣችሁ። አሜን በሉ እንጂ።

ከእኔ ቀጥሎ የሚናገረው አቶ አንዳርጋቸው ነው። በፕሮግራሙ ወረቀት ላይ «ስለ ተሰናባቹ መልካም ጠባይ» ተብሏል። አንዳርጌ፣ ጠባዬን ተወው። «ያልሁት እኔ ነኝ» በል፤ ሦስት ቃል ናት። ከዚያ ና ተቀመጥ፣ ምሳውን አብረን እንበላለን። ጽጌ ከፊት ናት። ጆሮዋ ደከም ብሏል፤ ጮክ ብለህ ተናገር።