ደክሞት ተኛ

ሰቆጣ በሚገባው ሚኒባስ፣ ካሜራ የታቀፈ ጎልማሳና ጥቁር የለበሱ እናት ከፊቴ ተቀምጠው ያወራሉ።

«ምን ልታነሳ ነው፣ ልጄ?»

«ስለ ካራቴ ፊልም ዘጋቢ ፊልም ስሠራ ዕድሜዬ አለቀ፣ እማማ። አሁን ደግሞ ልጅ ሳለን ቪዲዮ ቤት ቆሞ ይተረጉምልን የነበረውን ኪሮስን ልቀርጽ ነው።»

«ኪሮስ ልጄ ነው። ነገ አርባው ነው።»

«ሞተ?»

«ሞተ።»

ሰውየው የታቀፈውን ካሜራ ጭኑ ላይ አጋደመ።

«ፊልሙ ላይ የካራቴው አስተማሪ ሲሞት፣ ኪሮስ ‹ደክሞት ተኛ› ብሎ ይተረጉምልን ነበር። መሞቱ የገባኝ ካደግሁ ወዲያ ነው።»

«በመሃላችሁ አባታቸው በጦርነት የቀረ ልጆች ነበሩ እኮ! ሞተ ማለት አልሆነለትም። ድምፁን ይዘኸዋል?»

«አልያዝኩም። አገሩን ሁሉ ዞሬ እሱን ለመጨረሻ አቆየሁት።»

«እንግዲያ አንተም በፊልምህ፣ ደክሞት ተኛ በልልኝ።»

መውረጃዬ ደርሶ ነበር፤ «ወራጅ አለ» ማለት ግን አቃተኝ።