ምርቃት ከጨዋታ በፊት

(ሜልቦርን፣ ቅዳሜ ቀትር ላይ። በአውስትራሊያ እግር ኳስ ሜዳ ደጃፍ በቆመ ታክሲ ውስጥ፣ ሹፌሩ አቶ ግዛቸው እና ለክለቡ በመሰለፍ የመጀመሪያው ሐበሻ የሆነው ልጁ ቃልአብ።)

ቃልአብ፦ አባዬ፣ በሩን ክፈትልኝ።

ግዛቸው፦ አልከፍትም አልኩህ።

ቃልአብ፦ ልጆቹ ልብስ እየቀየሩ ነው። ካረፈድኩ አሠልጣኙ ሌላ ሰው ያስገባል።

ግዛቸው፦ ያስገባ! ለሱ ተጫዋች ሞልቶታል። እኔ ያለኝ አንድ ልጅ ነው።

ቃልአብ፦ ኧረ በማርያም! የክለቡ ሐኪም ትናንት ፈትኖኝ አልፌያለሁ አልኩህ እኮ።

ግዛቸው፦ ያለፈ ሰው ነው ዛሬ ጠዋት ጫማውን ፍሪጅ ውስጥ የከተተው?

ቃልአብ፦ እንቅልፍ ላይ ነበርኩ።

ግዛቸው፦ ሐሙስ ዕለትስ? ቤታችን መታጠፊያ ላይ ደርሰን «በየት በኩል ነው?» ስትለኝም እንቅልፍ ላይ ነበርክ?

ቃልአብ፦ ቀልዴን ነበር።

ግዛቸው፦ እኔ አልሳቅኩም። ያ ግንድ የሚያክል ሰውዬ ባለፈው ቅዳሜ ትከሻህ ላይ ሊወጣ ዘሎ በጉልበቱ ጭንቅላትህን ሲልህ፣ ድምፁ እኔ የተቀመጥኩበት ድረስ ተሰምቷል። እግር ኳስ ብለው ስም ያወጡለትና በእጅ ይቀልቡታል፤ ሰው ላይ እንደ ዛፍ ይወጣሉ!

ቃልአብ፦ ሕጉ ይፈቅዳላ። እኔም እወጣለሁ እኮ። አምና ስወጣ ከመቀመጫህ ተነስተህ ያጨበጨብከው አንተ አይደለህም?

ግዛቸው፦ አጨብጭቤያለሁ። እጄን ቁርጥ ያድርገው።

ቃልአብ፦ ስማኝ፣ አባዬ። ትናንት ኮምፒውተር ላይ አስቀምጠው ቃላት አስታውስ አሉኝ፣ ሥዕል አዛምድ አሉኝ። ውጤቴ ውድድሩ ሳይጀመር፣ ጤነኛ ሳለሁ ካመጣሁት ጋር እኩል ነው። እኩል! ሐኪሙ ራሱ መጫወት ትችላለህ ብሎ ለቀቀኝ።

ግዛቸው፦ እኮ እንዴት? ስጠራህ ደጋግሜ ካልጮህኩ የማትሰማ ልጅ እንዴት እኩል ታመጣለህ?

ቃልአብ፦ እሱን ተወው።

ግዛቸው፦ አልተወውም።

ቃልአብ፦ ለእማዬ አትነግራትም?

ግዛቸው፦ ተናገር!

ቃልአብ፦ መጀመሪያ ስንፈተን… ሆን ብዬ ተሳሳትኩ።

ግዛቸው፦ ምን?

ቃልአብ፦ ሁሉም ያደርገዋል። ነባሮቹ ናቸው የመከሩን። ገና ጤነኛ ሳለህ ቀስ ብለህ መልስ፣ አንዳንዱን የረሳህ ምሰል አሉን። ያ ውጤት ይቀመጣል። በኋላ ስትመታ የሚያወዳድሩህ ከሱ ጋር ነው።

ግዛቸው፦ ወይኔ ልጄን! ጤነኛ ሳለህ የታመምክ መሰልካቸው፤ ይኸው አሁን ታመህ ደህና ነህ አሉህ።

ቃልአብ፦ አልታመምኩም!

ግዛቸው፦ አትጩህብኝ። ኮሊንን ታውቀዋለህ?

ቃልአብ፦ የቱን ኮሊን?

ግዛቸው፦ ክለባችሁ ግድግዳ ላይ ፎቶው የተሰቀለውን። ሰው ትከሻ ላይ ወጥቶ ኳስ የሚቀልበውን።

ቃልአብ፦ እሱማ የድሮ ጀግና ነው! በመንገድ ሲያልፍ ሰው ሁሉ ባርኔጣውን ያነሳለት ነበር ይላሉ።

ግዛቸው፦ ደንበኛዬ ነው። ሐኪም ቤት የማመላልሰው እኔ ነኝ። ሳምንቱን ሙሉ ወደብ ላይ ጭነት ሲያወርድ፣ ቅዳሜ ቅዳሜ እዚህ ሜዳ ላይ ሲደበደብ ነው ጉልምስናውን የፈጀው። አሁን ሚስቱ አድራሻውን ኮቱ ውስጥ ሰፍታለታለች። ታክሲዬ ውስጥ በገባ ቁጥር «ጨዋታው ተጀመረ ወይ?» ይለኛል። ባለፈው ደግሞ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብሎ «ይቺ ሴትዮ ማን ናት?» አለኝ። ሚስቱን እኮ ነው! እጁን ይዛው ተቀምጣ።

ቃልአብ፦ በነሱ ጊዜ እንዲህ ያለ ምርመራ አልነበረማ።

ግዛቸው፦ ለናንተ መጣላችሁ፤ አታለላችሁት። አሁን አብረን እንገባና ለሐኪሙ እውነቱን እንነግረዋለን።

ቃልአብ፦ እግርህ ላይ ልውደቅ፣ አባዬ! ከነገርከው አለቀልኝ። አታላይ ይሉኛል፣ ዳግመኛ አያሰልፉኝም። ከኔ በኋላ ሊመጡ ላሰቡ ያገር ልጆችም በሩ ተዘጋ ማለት ነው።

ግዛቸው፦ ይዘጋ።

ቃልአብ፦ እማዬ ባንዲራ ለብሳ ተቀምጣለች። ፉትስክሬይ ሰፈር ያለው ሐበሻ በአውቶቡስ ተጭኖ መጥቷል። ማን ነው የቀሰቀሰው? ተሳፋሪ በጫንክ ቁጥር «ልጄ እኮ» የምትለው አንተ አይደለህም?

ግዛቸው፦ እኔው ነኝ፤ አልካድኩም።

ቃልአብ፦ ወገብህ ተይዞ ስንት ክረምት ነዳህ? እማዬ እያለቀሰች «ዛሬ እንኳ እረፍ» ስትልህ «ደህና ነኝ» እያልክ አትወጣም ነበር? እኔ ከማን ተማርኩት?

ግዛቸው፦ እሱ ወገብ ነው፣ ልጄ።

ቃልአብ፦ ዛሬን ብቻ። ዛሬን ልጫወትና ሰኞ ራሴ ሄጄ እነግረዋለሁ። እማዬ ትሙት!

ግዛቸው፦ በናትህ አትማል። ዛሬን ብቻ?

ቃልአብ፦ ዛሬን ብቻ።

ግዛቸው፦ ኳሱ ከፍ ብሎ ሲመጣ አትዘልም?

ቃልአብ፦ ዳር ዳሩን ነው የምጫወተው።

ግዛቸው፦ ፈርቻለሁ፣ ቃሌ።

ቃልአብ፦ አውቃለሁ። መርቀኝና ልሂድ።

ግዛቸው፦ ጎንበስ በል። ምነው ደነገጥክ? እጄን ራስህ ላይ ማሳረፌ ነው እኮ።

ቃልአብ፦ ምንም አይደል። ቀጥል።

ግዛቸው፦ ከክፉ ይሰውርህ።

ቃልአብ፦ አሜን።

ግዛቸው፦ እንደወጣህ አትቅር፤ በሰላም ይመልስህ።

ቃልአብ፦ አሜን።

ግዛቸው፦ ዕድሜና ጤና ይስጥህ። አእምሮህን ይጠብቅልህ።

ቃልአብ፦ አሜን፣ አባዬ።

ግዛቸው፦ በል፣ በሩን ከፍቼልሃለሁ። ቦርሳህ ኋላ ወንበር ላይ ነው።

ቃልአብ፦ ያዝኩት። ስማ፣ ስማ! ገና ሳንገባ እንዲህ ይጮሃሉ!

ግዛቸው፦ እሰማለሁ። የናትህ እልልታ ከሁሉ ይለያል።

ቃልአብ፦ ምነው ታዲያ ዝም ብለህ ታየኛለህ?

ግዛቸው፦ ምን ላድርግ? ሂዳ።

ቃልአብ፦ ሳትመርቀኝ?

ግዛቸው፦ ምን አልክ?

ቃልአብ፦ ሁልጊዜ ከጨዋታ በፊት ትመርቀኝ የለ? ዛሬ ስለተቆጣህ ነው አይደል? በል ቶሎ በል፣ ይኸው ጎንበስ ብያለሁ።

ግዛቸው፦ ቦርሳህን ወዲህ ስጠኝና ተመልሰህ ታክሲው ውስጥ ግባ፣ ልጄ። በሩን ቆልፌ ሐኪሙን ይዤው ልምጣ።